የጃንጥላ ሠሪው ልቅሶ

ፉሚኮ በመጀመሪያው ፊልሟ የታየችው በጀርባዋ ብቻ ነበር። ሻይ የተደረደረበት ትሪ ይዛ በአንዱ በር ትገባና በሌላው ትወጣለች፤ በቃ። እናቷ ግን ቶኪዮ ሲኒማ ቤት ገብታ፣ «ያችን ጀርባ ያሳደግኋት እኔ ነኝ» እያለች አጠገቧ የተቀመጠውን ሰው ሁሉ አላስቀምጥ አለችው። በሁለተኛው ፊልም የምትናገረው ተሰጣት፤ «ጌታዬ፣ ዝናቡ አባራ» የምትል አጭር ነገር። ይህችኑ ስታጠና ከረመች። መንገድ ላይ፣ አውቶቡስ ውስጥ፣ ልብስ ስታጥብ፣ ዝናቡን ስታባራ ከረመች። ፊልሙ ሲወጣ ዝናቡ የሚያባራበት ቦታ ተቆርጦ ተጥሎ ኖሮ፣ ፉሚኮ ብቅ ብላ አፏን ልትከፍት ስትል ሌላ ነገር መጣ።

ሦስተኛው ፊልም ግን የእሷ ነበር። ታሪኩ እንዲህ ነው፤ አንድ ጃፓናዊ ሐኪም ወደ ሩቅ የደጋ አገር ሄዶ በሽተኛ ሲያክም ይሞትና እዚያው ይቀበራል፤ ሴት ልጁ ከዓመታት በኋላ መቃብሩን ፍለጋ ትመጣለች። ልጅቱን እንድትጫወት የታሰበችው ስመ ጥር ተዋናይት ነበረች። እሷ ግን መንገዱ በበቅሎ መሆኑን ስትሰማ፣ «በበቅሎ? እኔ?» ብላ ቀረች። ለፉሚኮ ሲነገራት በቅሎ ምን ዓይነት እንስሳ እንደሆነች እንኳ ሳትጠይቅ እሺ አለች።

እንዲህ ሆኖ በንጉሡ ዘመን፣ ገብስ ታጭዶ አውድማ ላይ በነበረበት ወር፣ ጃፓኖቹ እስከ መካነ ኢየሱስ በመኪና፣ ከዚያ ወዲያ በበቅሎ ተጉዘው ታች ጋይንት ገቡ። ከአርብ ገበያ ራቅ ብሎ፣ ገደሉ ዳር ካለ ሜዳ ላይ ድንኳናቸውን ተከሉ። ከሜዳው ጫፍ ላይ ድንጋይ ከምረው የሐኪሙን መቃብር ሠሩ።

ከመጡት መካከል ሴት ፉሚኮ ብቻ ናት። ይህን ያዩት ወይዘሮ ብርነሽ፣ የሜዳው ባለቤት የአቶ አያሌው ሚስት፣ ድንኳኑ ድረስ ሄደው እጇን ያዙና ወደ ቤታቸው ይዘዋት ሄዱ።

«ሴት ልጅ ከዚህ ሁሉ ወንድ ጋር በሸራ ቤት አታድርም» አሉ። «ከኔ ጋር ናት። ንገራቸው ካሴ።»

ካሴ መካነ ኢየሱስ ትምህርት ቤት እንግሊዝኛ የሚያስተምር የእስቴ ልጅ ነው፤ ለአስተርጓሚነት አብሮ መጥቷል። ፉሚኮም እንግሊዝኛን ከሬዲዮ ለቃቅማለች። የሁለቱም እንግሊዝኛ እዚህም እዚያም የተሰበረ ነበር፤ ሆኖም የአንዱ ስብራት ከሌላው ጋር ገጥሞ ይግባቡ ነበር። አዘጋጁ ታኔዳ በጃፓንኛ ይናገራል፤ ፉሚኮ ለካሴ ትነግረዋለች፤ ካሴ ለአገሬው ይናገራል። የአገሬው መልስም በዚያው መንገድ ይመለሳል።

ሌላው ሁሉ ተቀረጸ። በበቅሎ ስትወጣ ተቀረጸች፤ ከምንጭ ውኃ ስትጠጣ ተቀረጸች። ያልሆነው አንድ ነገር ነው፤ መቃብሩ ላይ ማልቀሱ። ፉሚኮ ትንበረከካለች፣ ፊቷን በእጇ ትሸፍናለች፣ ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል፤ እጇን ስታነሣ ዓይኗ እንደ ጥር ሜዳ ደርቋል። ታኔዳ ሽንኩርትም የዓይን ጠብታም አይወድም። «የውሸት እንባ ካሜራ ያውቀዋል» ይላል። ደጋግማ ሞከረች። ከሜዳው በላይ ካለው አፋፍ ላይ ተቀምጦ የሚያየው አገሬው መጀመሪያ ዝም ብሎ ነበር፤ ኋላ ግን ዝምታው ሰለቸው።

«ይች ልጅ የሞተው አባቷ ነው ወይስ ዶሮዋ?» አሉ አቶ አያሌው።

ሰው ሣቀ። ወይዘሮ ብርነሽ አልሣቁም። እሳቸው ከጋይንት እስከ ስማዳ የታወቁ አልቃሽ ናቸው። እሳቸው ሙሾ ካላወረዱበት የትልቅ ሰው ልቅሶ እንደ ልቅሶ አይቆጠርም። የልጅቱን ነገር ሲያዩ፣ ጉልበቷ የት እንዳረፈ፣ እጇ ምን እንደሚሠራ እያዩ በቁጭት ከንፈራቸውን መጠጡ።

«አጀማመሩ ነው የጠፋት» አሉ። «ልቅሶ እንዲህ ከመሬት ተነሥቶ አይለቀስም።»

«አንች ደግሞ የሰው ልቅሶ ባየሽ ቁጥር አፍሽን ይበላሻል።»

«ዝም በል አንተ። ስትሞት ቀዝቃዛ ልቅሶ ነው የማስለቅስልህ።»

ፀሐይዋ ስትዘቀዝቅ ታኔዳ ፉሚኮን ለብቻዋ ጠራት። አልጮኸባትም፤ ቢጮኽ ይሻላት ነበር። «ነገ አንድ ጊዜ እንሞክራለን» አላት። «ካልሆነ የሐኪሙ ልጅ ወንድ ይሆናል። ረዳቴ ይጫወተዋል፤ እስካሁን የቀረጽነውም ይጣላል። አንች አርብ ከገበያ ከሚመለሱት ነጋዴዎች ጋር ወደ መካነ ኢየሱስ ትሄጃለሽ።»

ፉሚኮ ጎንበስ ብላ እጅ ነሣችና ዘወር አለች። መጀመሪያ ጀርባዋ፣ ቀጥሎ ልትከፍተው የነበረ አፏ፤ አሁን ደግሞ ምኗም ሳይቀር ልትጣል ነው። ዳግመኛ ማንም እንደማይጠራት ታውቃለች። በእጇ የያዘችውን የወረቀት ጃንጥላ አጥፋ ወደ ወይዘሮ ብርነሽ ቤት ወጣች። ካሴ ከኋላዋ ተከተላት።

እራት ሲቀርብ አልበላችም። ወይዘሮ ብርነሽ ምን እንደሆነች ጠየቁ፤ ካሴ አርብ ልትሄድ መሆኗን ነገራቸው።

«በእንባ ምክንያት?»

«በእንባ ምክንያት።»

ሴትዮዋ መደባቸውን ትተው አጠገቧ መጥተው ተቀመጡ። «ካሴ፣ እኔ የምጠይቃትን እንዳትቆርጥብኝ» አሉ። «ሰው ከማልቀሴ በፊት ሁልጊዜ የምጠይቀው አለኝ። የሐኪሙ ስም ማን ነው? አገሩ የት ነው? ምን ይወድ ነበር? ደግ ነበር ወይስ ቁጡ?»

ፉሚኮ ሐኪሙ እንዲሁ የታሰበ ሰው እንጂ ያልነበረ መሆኑን አስረዳች።

«ያልነበረን ሰው ነው እንዴ አልቅሽ የሚሏት!» ብለው ወይዘሮ ብርነሽ እጃቸውን አጨበጨቡ። «ታዲያ ከየት ታምጣው? እሽ፣ የነበረውን ልጠይቅ። የራስሽ አባት አለ?»

«የለም» አለች ፉሚኮ። «ልጅ ሳለሁ ለጦርነት ወሰዱት። መርከቡ ሰጠመ።»

«ስሙስ?»

«ዮሳኩ።»

ስሙን ጮክ ብላ ከጠራችው ብዙ ዘመን ሆኗት ነበር። ድምፅዋ ለራሷ እንግዳ ሆነባት።

«ዮሳኩ» አሉ ወይዘሮ ብርነሽ፤ የቃሉን ክብደት ሊያውቁ እንደፈለጉ በአፋቸው ያዙት። «ሥራው ምን ነበር?»

ፉሚኮ ከግድግዳው የተደገፈውን ጃንጥላ አምጥታ ዘረጋችው። ከቀርከሃ ተሰንጥቆ፣ ዘይት የጠጣ ወረቀት ተለጥፎበት የተሠራ ነው፤ እሳቱ ከበስተኋላው ሲበራ ወረቀቱ ማር መሰለ። አቶ አያሌው ሳያስቡት ከመቀመጫቸው ብድግ አሉ።

«አባቴ የሠራው ነው» አለች። «ጃንጥላ ሠሪ ነበር። የቀረኝ ይህ ነው።»

«መቃብሩስ የት ነው?»

«ነጭ ጨርቅ የተጠቀለለበት ትንሽ ሣጥን ላኩልን። እናቴ ስትከፍተው ውስጡ ጠጠር ነበር።»

ካሴ ይህን አቀርቅሮ ተረጎመ። ወይዘሮ ብርነሽ ግን ዓይናቸውን ከልጅቱ ሳይነቅሉ ቀጠሉ።

«ማን አለቀሰለት?»

«ማንም።»

«እንዴት ማንም?»

«በዚያን ጊዜ ለወታደር ማልቀስ ነውር ነበር። እናቴ፣ ጎረቤት ያያል፣ ዝም በይ አለችኝ። ዝም አልሁ። ከዚያ በኋላ ልማድ ሆነብኝ።»

አቶ አያሌው ሊቀልዱ አስበው እንደሆነ እንጃ፣ አፋቸውን ከፈቱና መልሰው ገጠሙት። ወይዘሮ ብርነሽ ተነሡ፤ ነጠላቸውን ለበሱ፤ ለባላቸው በጆሯቸው አንድ ነገር ነገሯቸውና ወጡ። ከጥቂት ጊዜ በኋላ አቶ አያሌውም ዱላቸውን ይዘው ወጡ። ፉሚኮ ያስቀየመቻቸው መሰላት። ካሴም አልገባውም፤ ደኅና እደሪ ብሏት ወደ ድንኳኑ ወረደ።

ጎሕ ሲቀድ እጅ ትከሻዋን ነካው። ወይዘሮ ብርነሽ ነበሩ። ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ለብሰዋል። ፉሚኮን ደግፈው አስነሥተው ወደ ደጅ አወጧት።

ግቢው በሰው ተሞልቷል። ሴቶቹ በአንድ ወገን፣ ወንዶቹ በሌላው ቆመዋል። ትናንት አፋፉ ላይ ተቀምጠው የሣቁት ሁሉ አሉ፤ ከወዲያኛው ሸንተረር የመጡ የማታውቃቸውም አሉ። አንድም የሚያወራ የለም። አቶ አያሌው ሌሊቱን ከደጃፍ ደጃፍ እየዞሩ፣ «የእንግዳችን አባት ሞቷል፤ በማለዳ መርዶ እንነግራታለን» ብለው ነበር። መቼ ሞተ ብሎ የጠየቃቸው አልነበረም፤ ቢጠይቃቸውም እውነቱን ይነግሩት ነበር፤ እሱም ያው ይመጣ ነበር። ያልተለቀሰለት ሰው ለእነሱ ትናንት እንደሞተ ነው።

ካሴ መታጠቂያውን እያጠበቀ ከድንኳኑ በኩል እየሮጠ ደረሰ። «እትዬ ብርነሽ! ምን አደረጉ? እሷ እኮ ታውቃለች! ቆይቷል እኮ!»

«ማወቅማ ታውቃለች» አሉ። «ያረዳት ግን የለም። ናና ንገርልኝ። ቃሌን እንዳለ ንገራት፤ እንዳትቆርጥ።»

ቄስ ወልደ ሩፋኤልም ጭራቸውን ይዘው ከወንዶቹ ዳር ቆመው ነበር። አንዱ ቀረብ ብሎ፣ «አባ፣ ያልተጠመቀ ሰው ነው፤ ያስኬዳል?» ሲላቸው፣ «ፍትሐት አልፈታሁ!» አሉት። «እንባ ክርስትና አይጠየቅም። ይልቅ ጋቢህን አዘቅዝቀው።»

ወይዘሮ ብርነሽ የፉሚኮን ሁለት እጅ ያዙ። «ልጄ» አሉ፤ ካሴ ከኋላ ቃል በቃል ተከተላቸው፤ «አባትሽ ዮሳኩ ሞቷል። ባሕር ላይ ነው የሞተው። እግዜር ያጽናሽ። አሁን ጎረቤት እያየሽ ነው፤ የመጣው ሊያይሽ ነው፤ አልቅሽ።»

ከዚያ ጃንጥላውን ወስደው ዘርግተው ከግቢው መካከል ተከሉት። ሬሳ በሌለበት ልቅሶ የሟቹ ልብስ ወይም መሣሪያ ነው መካከል የሚቀመጠው፤ ጃንጥላ ሠሪ ደግሞ ከጃንጥላ ሌላ ምን አለው? ሴቶቹ ከበቡት። ወይዘሮ ብርነሽም ሙሾ አወረዱ፤

«ለሰው ሁሉ ጥላ ሲሠራ የኖረ፣
እሱ ያለ ጥላ ከባሕር ላይ ቀረ።»

«ወዮ ዮሳኩ!» አለ ሕዝቡ። ደረቱን እየመታ፣ ያን የሩቅ አገር ስም እንደ ጋይንት ስም አቅንቶ ጠራው።

«አፈር ያልቀመሰው፣ ውኃ ያለበሰው፣
ልጁ ጋይንት መጥታ ዛሬ አለቀሰችው።»

«ወዮ ዮሳኩ! ወዮ ወንድሜ!»

ፉሚኮ ግጥሙ አልገባትም፤ ካሴም መተርጎሙን ትቶ ነበር፤ እሱም ያለቅስ ጀምሯል። የገባት ስሙ ነው። ትናንት በአንድ እሳት ዳር በሹክሹክታ ያወጣችው ስም አሁን ከገደሉ ማዶ እየተመታ ይመለሳል። አይተውት የማያውቁ ሽማግሌዎች ወንድሜ ይሉታል። ከደረቷ አንድ ነገር ሲላቀቅ ተሰማት። መጀመሪያ ድምፁ ወጣ፤ የእሷ መሆኑን ያወቀችው ዘግይታ ነው። ከዚያ እንባው መጣ፤ መጣና መቆሚያ አጣ። በሁለት ወገን ሴቶች ደገፏት። አማረች የምትባል ጎረቤት አፍንጫዋን በነጠላዋ ጫፍ ጠረገችላት። አታፍርም፤ ማንም ዝም በይ አላላትም። እንዲያውም ቀዝቀዝ ስትል ወይዘሮ ብርነሽ ሌላ ግጥም ያወርዱና እንደገና ያስነሷታል።

ፀሐይ ወጥታ ሞቅ ሲል ልቅሶው በረደ። ሰው ተቀመጠ፤ ንፍሮ ቀረበ። ታኔዳ ካሜራውን ከነሸካሚው አስከትሎ እያለከለከ የደረሰው ይኼኔ ነው። ዋይታውን ድንኳን ውስጥ ሰምቶ ካሜራውን ፊልም እስኪያጎርሱና እስኪሰናዱ ሁሉም አልቆ ደረሰ። አንዲት ሴት እጁን ይዛ አስቀመጠችውና እፍኝ ንፍሮ ሰጠችው።

የፉሚኮን ያበጠ ዓይን ሲያይ ምን እንደሆነ ገባው። ንፍሮውን እንደ ጨበጠ ዘሎ ተነሣ። «እንድገመው!» አለ። «ሁሉም በቦታው ይመለስ! ጃንጥላው እንዳለ ይሁን! ይህን የመሰለ ነገር በሕይወቴ አላየሁም! ንገሪያቸው!»

ፉሚኮ አየችው። የሚተረጉም ሌላ ሰው የለም፤ ቃሉ በእሷ አፍ ነው የሚያልፈው። ዛሬ አንድ ጊዜ ብቻ ነው ያላት፤ ነገ አርብ ነው። እዚህ ያለው ሕዝብ እሺ ካለ ፊልሙ የእሷ ነው። ለካሴ ነገረችው፤ ሳትጨምር ሳትቀንስ።

ካሴ ወደ ወይዘሮ ብርነሽ ዞረ። ፊቱ ቀላ። «እንድገመው ይላል» አለ ቀስ ብሎ።

«ምኑን?»

«ልቅሶውን።»

አቶ አያሌው፣ «ምነው፣ ሰውዬው ዳግመኛ ሊሞት ነው?» አሉ። ንፍሮ ያነቃቸው ነበሩ፤ ሣቅ ከዚህም ከዚያም ፈነዳ።

ወይዘሮ ብርነሽ አልሣቁም፤ አልተቆጡምም። «ንገሪው ልጄ» አሉ። «ተለቅሶለታል። አሁን ማረፊያው ነው። የተኛን ሰው አንቀሰቅስም።»

ፉሚኮ ለታኔዳ ነገረችው። ስትነግረው ድምፅዋ አልተንቀጠቀጠም፤ ይህም ራሷን ገረማት። ታኔዳ በእጁ ያለውን ንፍሮ አየው። ካሜራ ሸካሚው አጠገቡ ተቀምጦ ይበላል። እሱም ተቀመጠና አንድ ፍሬ ቀመሰ።

«ከቀትር በኋላ መቃብሩ ላይ» አላት። «አንድ ጊዜ።»

ከቀትር በኋላ መቃብሩ ዘንድ ወረዱ። አገሬው አፋፉ ላይ ተቀመጠ፤ ዛሬ የሚያላግጥ የለም። ካሜራው መዞር ጀመረ። ፉሚኮ ጃንጥላዋን ይዛ ከሜዳው ማዶ መጣች፤ ድንጋዩ ጋ ደርሳ ተንበረከከች፤ እንባዋን ጠበቀችው።

እንባ የለም። አንድም ጠብታ የለም። ማለዳ ያለውን ሁሉ ሰጥታ ጨርሳለች። ሆዷ ባዶ ነው፤ ባዶነቱ ግን እንደ ትናንቱ አይደለም፤ ተጠርጎ የተሰናዳ ቤት ዓይነት ነው። ትናንት በዚህ ቦታ ስትንበረከክ አርብን፣ ነጋዴዎቹን፣ የታኔዳን ፊት ታስብ ነበር። አሁን ድንጋዩን አየችው። ድንጋዩ ፀሐይ ላይ ነው። የጋይንት የቀትር በኋላ ፀሐይ ገደሉን አቋርጣ በቀጥታ ታርፍበታለች።

ማንም ያላዘዛትን አደረገች። ጃንጥላውን ዘርግታ በድንጋዩ ላይ ያዘችው። ጥላው ሲያርፍበት ጥቂት ጠበቀች፤ ጫፉ ላይ ያለ አንድ ድንጋይ ፀሐይ ላይ ቀርቶ ነበርና፣ እሱም እንዲገባ ጃንጥላውን ትንሽ ሳብ አደረገችው። ያበጠው ዓይኗ ደረቅ እንደሆነ ፈገግ አለች።

ታኔዳ ቁሙ አላለም። ካሜራው እየዞረ ቆየ፤ ፊልሙ እስኪያልቅና መሣሪያው ባዶውን ቀጭ ቀጭ እስኪል ድረስ።

«በቃ» አለ ታኔዳ በመጨረሻ። አንገቱን ደፍቶ ባርኔጣውን አወለቀ። «እንባ ያልሁት እኔ ነኝ» አለ፤ ለማን እንደሚናገር አልታወቀም። «እንባ አላስፈለገም ኖሯል። ነገ የምንቀርጸው አለ፤ በጊዜ ተኚ።»

ፉሚኮ ጃንጥላውን ሳታጥፍ ወደ ኋላዋ ሳር ላይ ዘጭ ብላ ተቀመጠች። ካሴ ከአፋፉ እየተንደረደረ ወረደ።

«ምን አለ? ምን አለ ንገሪኝ! ሕዝቡ እየጠየቀኝ ነው!»

«ነገ ሥራ አለ አለኝ» አለችው።

ካሴ ወደ አፋፉ ዞሮ በሁለት እጁ አፉን ከበበና ጮኸ፤ «አትሄድም! አርብ አትሄድም!»

እልልታው ሜዳውን ሞላው። ወይዘሮ ብርነሽ እልል አላሉም፤ የማለዳው ልቅሶ ድምፃቸውን ዘግቶት ነበር። ወርደው መጥተው አጠገቧ ተቀመጡና ከነጠላቸው ጫፍ የቋጠሩትን ንፍሮ ፈቱላት። ፉሚኮ ከትናንት ቀትር ጀምሮ እህል እንዳልቀመሰች ያስታወሰችው አሁን ነው። በሁለት እጇ ዘግና ጎረሰች።

አቶ አያሌው ከበላይዋ ቆመው ሲያዩዋት ቆዩ።

«ካሴ፣ ጠይቅልኝ እስቲ» አሉ። «ነገ ከሥራዋ መልስ አውድማ ላይ በሬ መንዳት ትችላለች? ሙሉ ቀን ሲያስለቅሱን ገብሱ ሳይወቃ ዋለ እኮ።»

ካሴ ተረጎመላት። ፉሚኮ አፏ እንደ ሞላ ሣቀች፤ ንፍሮው ተበተነ። በሬ ምን ዓይነት እንስሳ እንደሆነ ታውቃለች፤ ሲነዳ ግን አይታ አታውቅም።

«እሺ በላቸው» አለች።